ለላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት ጥገና የሚመረጡ ቁሳቁሶች

በአማራ ክልል ሰሜን ወሎ ዞን በላስታ ደጋ የሚገኙት 11ዱ የላሊበላ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት እ.ኤ.አ በ1978 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግበዋል። ዛሬም ሥርዓተ ቅዳሴ የሚካሄድባቸው በመሆኑ፣ ለጥገናቸው የሚመረጠው ቁሳቁስ የቅርሱንም ሆነ የምእመናኑን ደኅንነት የሚመለከት ነው።

አብያተ ክርስቲያናቱ የታነጹበት ዓለት ከእሳተ ገሞራ የተገኘ ሲሆን፣ ጥቃቅን ቀዳዳዎች ስላሉት ውኃ ይስባል። የክረምቱ ዝናብ በጣሪያና በግድግዳ ስንጥቆች ይሰርጋል፤ በበጋ ደግሞ ፀሐይ ያደርቀዋል። ይህ መፈራረቅ ለዘመናት ሲደጋገም ዓለቱን አላልቷል። ጥንታዊዎቹ የውኃ መውረጃ ቦዮች ለረጅም ጊዜ በአፈር ተደፍነው መቆየታቸውም ጉዳቱን አባብሶታል።

በዚህ ዓይነት ዓለት ላይ ጠንካራ ቁሳቁስ ሁሉ ዘላቂ ነው ማለት አይቻልም። ሲሚንቶ እርጥበትን እንደልብ ስለማያሳልፍ ውኃውን በዓለቱ ውስጥ አፍኖ ያስቀራል፤ በውስጡ ያለው የሚሟሟ ጨውም ወደ ዓለቱ ይገባል። በመሆኑም ልስኑ ሳይነካ በዙሪያው ያለው ዓለት ይፈረፈራል። በ20ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ውኃ እንዲከላከል የተቀባ ሬንጅም፣ እ.ኤ.አ በ1960ዎቹ መጨረሻ በጣሊያናዊው አርክቴክት ሳንድሮ አንጄሊኒ መሪነት በተጀመረው ጥገና እንዲነሣ ተደርጓል።

በኖራ የሚዘጋጅ ቅይጥ ግን ከሲሚንቶ ይልቅ ለስላሳና እርጥበት የሚያስወጣ ነው። ጊዜ ሲያልፍ ቀድሞ የሚያረጀው ልስኑ እንጂ ዓለቱ አይሆንም፤ ልስኑንም አንሥቶ መተካት ይቻላል። ይሁንና ቅይጡ በቅድሚያ በትንሽ ቦታ ተሞክሮ፣ ቢያንስ አንድ ክረምት ማሳለፍ ይኖርበታል።

ከላይ በሚሠራ መጠለያ ዝናብን መከላከል ሌላው አማራጭ ነው። በአውሮፓ ኅብረት ድጋፍ አምስት አብያተ ክርስቲያናትን እንዲሸፍኑ እ.ኤ.አ በ2008 የተጠናቀቁት አራት መጠለያዎች የታሰቡት ለጊዜያዊነት ነበር። ሆኖም ከአሥር ዓመት በኋላም ባለመነሣታቸው፣ ነዋሪዎች በ2011 ዓ.ም መጀመሪያ ባካሄዱት ሰልፍ የመጠለያዎቹ ክብደት በቅርሱ ላይ አደጋ እንደሚያስከትል ስጋታቸውን ገልጸዋል።

በ1992 ዓ.ም የወጣው የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209 ማንኛውም የቅርስ ጥገና በቅድሚያ በባለሥልጣኑ መፈቀድ እንዳለበት ደንግጓል። ስለሆነም ጉዳዩ የሚመለከታቸው ኃላፊዎች ፈቃድ ከመስጠታቸው በፊት ሦስት ነጥቦችን ማረጋገጥ ይገባቸዋል፦ ቁሳቁሱ ከዓለቱ ጋር መስማማቱን፣ ዓለቱን ሳይጎዳ መነሣት መቻሉን፣ እንዲሁም ከሥራው ፍጻሜ በኋላ ለሚደረገው ክትትል በጀትና ባለሙያ መመደቡን።