ወንበሩና ቀንበሩ

ባለፈው ቅዳሜ የባንክ ሥራዬን ጨርሼ ከአምቦ ወደ ጉደር፣ ወደ አኮ ቤት ሄጄ ነበር (ሴት አያቴን የምንጠራቸው እንዲህ ነው)። ስደርስ የወንድ አያቴ ቀንበር ለማገዶ እየተፈለጠ ነበር። ብቆጣ፣ «ያርስበታል ያልነው ልጅ ባንክ ገባ፤ ታዲያ ምን ይሁን?» አሉኝ። መልስ አጣሁ።

ማታ አምቦ ተመልሼ የኃይሌ ገሪማን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» እንደገና አየሁት። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1974፣ ኃይሌ ገና በካሊፎርኒያ ተማሪ ሳለ፣ በሁለት ሳምንት ግድም በጥቁርና ነጭ የተቀረጸ ነው። የገጠር መሬት አዋጅ የታወጀው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ስለሆነ፣ ካሜራው ባላባቱንና ጭሰኛውን ያገኛቸው በመጨረሻዋ ሰዓት ነው ማለት ይቻላል።

የፊልምን ቤት፣ ዕቃና ቀለም የሚያቅደውን ባለሙያ «ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» ይሉታል። ስያሜው የወጣው ለዊልያም ካሜሮን ሜንዚስ ነው፤ ነቢይ መኮንን በእስር ቤት ሆኖ በሲጋራ ወረቀት ላይ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብሎ የተረጎመው ልብ ወለድ እ.ኤ.አ. በ1939 ፊልም ሆኖ ሲወጣ። በዚያ ፊልም የአትላንታን ቃጠሎ ለማሳየት ከሌሎች ፊልሞች የተረፉ ግንቦችን በእሳት አያይዘዋል።

ኃይሌ ግንብ የሚያሠራበትም ሆነ የሚያቃጥልበት ገንዘብ አልነበረውም። የእርሱ ንድፍ ሰውንና ዕቃን የት ላስቀምጥ ማለት ነበር። ባላባቱን ደጃፉ ላይ በወንበር አስቀመጠው፤ ገበሬዎቹን በሜዳው ስፋት ውስጥ ከሩቅ አሳነሳቸው። ጌታው ከተቀመጠበት ሳይነሣ ይሳደባል፣ ያዝዛል። በሕልሙ ትዕይንት ደግሞ ቀንበሩ ከበሬ ጫንቃ ወደ ሰው ጫንቃ ይዞራል። ለእኔ ከፊልሙ ንግግር ሁሉ እነዚህ ሁለት እንጨቶች ይበልጣሉ። (ሁለት ሰዓት ተኩል በዛ የሚሉ አሉ፤ እርሻ አይተው የማያውቁ ይመስለኛል።)

ወንድ አያቴ ጭሰኛ ነበሩ። ስለዚያ ዘመን ሲያወሩ የሚያነሡት የሰፈሩትን እህል ሳይሆን መቆሙን ነበር፤ ባላባቱ ቡናውን ጠጥቶ እስኪጨርስ ደጅ መቆም። እኔ ዛሬ ወንበር ላይ ነው የምውለው። ገበሬዎች ብድር ሊጠይቁ መጥተው ባርኔጣቸውን አውልቀው ከፊቴ ይቆማሉ። ተቀመጡ እላለሁ፤ ሁልጊዜ ግን አልልም።

እሑድ ጠዋት ወደ አኮ ተመለስኩ። ከቀንበሩ የተረፈው ማነቆው የሚገባበት ቀዳዳ ያለበት ጫፉ ብቻ ነበር።

«እሱ ጭሱ ይበዛል፤ ውሰደው» አሉኝ።