ኦርኬስትራ በሌለበት የኦርኬስትራ ድርሰት

በሳምፕል ላይብረሪ የሚሠራ የኦርኬስትራ ሙዚቃ ተጫዋቾች በአንድ አዳራሽ ሳይሰበሰቡ የሚደረስ ሙዚቃ ነው። ቫዮሊኑ፣ ቼሎው፣ ትራምፔቱና ፍሉቱ አስቀድመው በስቱዲዮ ውስጥ ድምፅ በድምፅ ተቀድተው ላይብረሪ በሚባል ስብስብ ውስጥ ተቀምጠዋል። ደራሲው የኪቦርዱን አንድ ቁልፍ ሲጫን ኮምፒውተሩ የዚያን ድምፅ ቅጂ ፈልጎ ያሰማዋል። ዘዴው የተፈለሰፈው በውጭ አገር ነው፤ ሆኖም በኢትዮጵያ የራሱ ቅድመ ታሪክ አለው፤ በዚህ አገር ለኦርኬስትራ የጻፉ ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ የጻፉት በእጃቸው ላልነበረ ኦርኬስትራ ነውና።

ከጣርማ በር ወደ መሐል ሜዳ በሚወስደው መንገድ ላይ ያለችው መዘዞ በውጭ አገር ስሟ የሚነሳው በኦፓል ማዕድን እንጂ በሙዚቃ አይደለም። በሙዚቃ በኩል የአካባቢው ሰው ጆሮ የተሞረደው፣ እንደ ሌላው የሰሜን ሸዋ ደጋ ሁሉ፣ በቤተ ክርስቲያን ከበሮና ጸናጽል፣ በእረኛ ዋሽንትና በአዝማሪ መሰንቆ ነው። ብዙ መሣሪያ በአንድነት የሚሰማው ከመኳንንትና ከነገሥታት ደጅ ነበር። አንኮበር የሸዋ ነገሥታት መቀመጫ በነበረበት ዘመን ነጋሪት፣ መለከትና እምቢልታ የሥልጣን ምልክቶች ነበሩ፤ ማንም ተነሥቶ የሚነፋቸው አልነበሩም። ከሦስቱ ለዚህ ታሪክ የሚቀርበው እምቢልታ ነው። ርዝመታቸው የተለያየ ሦስት እምቢልታዎች በሦስት ሰዎች ይነፋሉ፤ አንዱ እምቢልታ ብቻውን ከሁለትና ከሦስት የማይበልጥ ድምፅ ያወጣል። ዜማው የሚሞላው አንዱ ሲያቆም ሌላው በቦታው እየገባ ነው። የዛሬው ላይብረሪ ለእያንዳንዱ ድምፅ የራሱን ቅጂ እንደሚመድብ ሁሉ፣ የድሮው የቤተ መንግሥት ሙዚቃ ለጥቂት ድምፆች አንድ ሰው ይመድብ ነበር።

የአውሮፓ የነሐስ መሣሪያዎች የገቡት ከዓድዋ ድል በኋላ ነው። የሩሲያው ንጉሠ ነገሥት ዳግማዊ ኒኮላስ ለዳግማዊ ምኒልክ 40 ያህል የትንፋሽ መሣሪያዎችን በስጦታ ላከ፤ ሚሌቭስኪ የተባለ አስተማሪም መጣ። ቤተ መንግሥቱ በዚያን ጊዜ ከአንኮበር ለቅቆ አዲስ አበባ ገብቶ ነበር። ቀጥለው የመጡት ከኢየሩሳሌም ናቸው። ራስ ተፈሪ በ1916 ዓ.ም. ኢየሩሳሌምን ሲጎበኙ የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች የማርሽ ባንድ ሰምተው ወደዱት፤ በዚያው ዓመት ማብቂያ ላይ «አርባ ልጆች» የተባሉት እነዚያ ወጣቶች ከመሪያቸው ከኬቮርክ ናልባንዲያን ጋር አዲስ አበባ ገቡ። ኬቮርክ የደረሰው ብሔራዊ መዝሙር በጥቅምት 1923 ዓ.ም. በንግሥ በዓሉ ላይ ተሰማ። እስከዚህ ድረስ ያለው ሁሉ የማርሽ ሙዚቃ ነው። ነሐስ ሜዳ ላይ ይሰማል፣ ወታደር በእግር እየሄደ ይነፋዋል፣ ዝናብና ፀሐይም ይችላል። ኦርኬስትራን ኦርኬስትራ የሚያደርጉት ባለ ክር መሣሪያዎች ግን ጣሪያና ጸጥታ ይፈልጋሉ፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ የብዙ ዓመት ትምህርት።

ባለ ክሮቹ የመጡት ከጣሊያን ወረራ በኋላ ነው። ፖላንዳዊው የቫዮሊን ሊቅ አሌክሳንደር ኮንቶሮቪች የክብር ዘበኛን ሙዚቃ እንዲመራ ከካይሮ ወደ አዲስ አበባ መጣ። እዚያው ካይሮ ሳለ ካስተማራቸው አንዷ ኋላ እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ተብለው የታወቁት የፒያኖ ደራሲ ናቸው። እሱን ተከትሎ ኦስትሪያዊው ፍራንዝ ዜልቬከር፣ ከእነሱ ጎን ደግሞ የኬቮርክ የወንድም ልጅ ነርሲስ ናልባንዲያን በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ሠሩ። ነርሲስ አገርኛውን ዜማ ወስዶ በነሐሱ፣ በእንጨቱና በክሩ መካከል ያከፋፍል ነበር። የእያንዳንዱ ተጫዋች ኖታ በእጅ ይጻፋል፣ ይገለበጣል፣ ይለማመዱታል፤ ካልተስማማም ተሠርዞ እንደገና ይጻፋል። ዛሬ አንድ አቀናባሪ በኮምፒውተሩ ማውስ ጠቅ አድርጎ ሆርኑን በቼሎ ሲተካ የሚፈጀው ጊዜ ያን ጊዜ አንድ ገጽ ለመገልበጥ እንኳን አይበቃም ነበር።

የችግሩን ልክ ከማንም ይልቅ የሚያሳየው የአሸናፊ ከበደ ታሪክ ነው። አሸናፊ በአሜሪካ ኢስትማን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተምሮ ተመልሶ በኋላ ያሬድ የተባለውን የሙዚቃ ትምህርት ቤት በመጀመሪያ ዳይሬክተርነት መራ። «እረኛው ባለዋሽንት» የተባለው የኦርኬስትራ ድርሰቱ መነሻው የኢትዮጵያ ገጠር ነው። ደራሲው ይህን ሥራ የሃንጋሪ መንግሥት ኦርኬስትራን እየመራ ያሰማው ግን እ.ኤ.አ. በ1967 ነው። አንድ ኢትዮጵያዊ ደራሲ በወረቀት ላይ ያሰፈረውን በሙሉ ድምፁ ለመስማት ዳኑብ ወንዝ ድረስ መሄድ ነበረበት ማለት ነው። ላይብረሪ የሚባለው ነገር መጥቶ የሞላው ክፍተት በትክክል ይህ ነው።

በዚያው ዘመን አዲስ አበባ ላይ የተገላቢጦሽ ነገር ይካሄድ ነበር። ግብፃዊው ሐሊም ኤል ዳብ እ.ኤ.አ. በ1944 ካይሮ ውስጥ የዛር ሥርዓት ድምፅን በሽቦ መቅረጫ ቀድቶና አስተጋብቶ በኤሌክትሮኒክ ሙዚቃ ታሪክ ቀደምት ከሚባሉት ሥራዎች አንዱን የሠራ ሰው ነው። የተቀዳ ድምፅ ራሱ የድርሰት ጥሬ ዕቃ ሊሆን እንደሚችል ከገባቸው የመጀመሪያዎቹ ሰዎች መካከል ይቆጠራል። በ1950ዎቹ ዓ.ም. አጋማሽ ኢትዮጵያ መጥቶ የሠራው ግን በማሽን አይደለም። ክራር፣ መሰንቆ፣ ዋሽንት፣ በገና፣ እምቢልታና ከበሮን በአንድ መድረክ አሰልፎ «ኦርኬስትራ ኢትዮጵያ»ን አቋቋመ፤ ኋላም ተስፋዬ ለማ መራው። ቡድኑ እ.ኤ.አ. በ1969 አሜሪካን ተዘዋውሮ ተጫውቷል፤ ከአብዮቱ በኋላ ግን ፈረሰ።

የደርግ ዘመን የሰዓት እላፊ የምሽት ክበቦችን ገበያ ገደለ፤ ብዙ ተጫዋች ያላቸው ባንዶች የሚኖሩት ደግሞ በምሽት ክበብ ነበር። በዚህ ጊዜ ነው ኪቦርድ የነሐሱንም የክሩንም ቦታ መያዝ የጀመረው። ከሰሜን ሸዋ የወጣ አንድ ሙዚቀኛ የዚህ ለውጥ ዋና ምስክር ነው። ደብረ ብርሃን የተወለደው ኃይሉ መርጊያ በልጅነቱ አዲስ አበባ ገብቶ ከጦር ሠራዊት ሙዚቃ ጀምሮ እስከ ዋልያስ ባንድ ድረስ ሠራ፤ ባንዱ በሂልተን ሆቴል የሚጫወት፣ ነፊዎች ያሉት ሙሉ ባንድ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1981 ባንዱ ወደ አሜሪካ ሲጓዝ ኃይሉ እዚያው ቀረ። እ.ኤ.አ. በ1985 በዋሽንግተን በሠራው «ሸሞንሟናዬ» በተሰኘው ካሴት ላይ ባንድ የለም። አኮርዲዮኑን ራሱ ይጫወታል፤ ከሥሩ ሞግ ሲንተሳይዘር፣ ሮድስ ፒያኖ፣ ያማሃ ዲኤክስ 7 እና የከበሮ ማሽን አሉ። አንድ ሰው አንዱን መስመር ቀድቶ በላዩ ላይ ሌላውን እየደረበ የሠራው ነው። አኮርዲዮኑ የአዲስ አበባን የቆየ ድምፅ ይዞ ይመጣል፣ ማሽኑ ግን ምንም መስሎ ለመታየት አይሞክርም፤ የካሴቱ ውበትም ከዚህ ይመነጫል። ኃይሉ ከዚያ በኋላ ታክሲ እየነዳ፣ በእረፍቱ ኪቦርድ እየተለማመደ ዓመታትን አሳለፈ፤ ካሴቱም እ.ኤ.አ. በ2013 እንደገና ታትሞ ዓለም አወቀው።

ሲንተሳይዘር ድምፅን ከኤሌክትሪክ ይሠራል፤ ሳምፕለር ግን የተቀዳን እውነተኛ ድምፅ መልሶ ያሰማል። የሳምፕለር አባት እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ እንግሊዝ አገር የተሠራው ሜሎትሮን ነው፤ በእያንዳንዱ ቁልፍ ሥር አንድ ቁራጭ የቴፕ ክር ነበረው። እ.ኤ.አ. በ1979 አውስትራሊያ ውስጥ የተሠራው ፌርላይት ድምፁን ወደ ዲጂታል አሻገረው። ከዚህ ማሽን ቅጂዎች በጣም የታወቀው ከስትራቪንስኪ «የእሳት ወፍ» የተወሰደ የአንድ ቅጽበት የኦርኬስትራ ጩኸት ነው፤ አንድ ሙሉ ኦርኬስትራ በአንድ ጣት። እ.ኤ.አ. በ1983 ሚዲ የተባለው የጋራ ቋንቋ የሁሉንም ኩባንያ ኪቦርድና ኮምፒውተር አገናኘ። እ.ኤ.አ. በ1998 ጊጋሳምፕለር የተባለው ሶፍትዌር ቅጂዎችን ከሃርድ ዲስክ በቀጥታ ማንበብ ሲጀምር የኮምፒውተሩ ማህደረ ትውስታ ጥበት ተቃለለ። ከዚያ በኋላ ቪየና ውስጥ፣ ቀጥሎም በአሜሪካና በለንደን፣ የኦርኬስትራ ተጫዋቾችን ለወራት እያስቀመጡ አንድ በአንድ ድምፃቸውን መቅዳት ራሱን የቻለ ንግድ ሆነ።

በኢትዮጵያ የካሴት ገበያ የኪቦርዱ «ስትሪንግስ» እና «ብራስ» ለረጅም ጊዜ የኦርኬስትራ ምትክ ነበሩ፤ የ1980ዎቹንና የ1990ዎቹን ዘፈኖች የሰማ ሁሉ ያን ቀጭን የፕላስቲክ ቫዮሊን ያውቀዋል። ከኪቦርድ ወደ ኮምፒውተር ከተሻገረው ትውልድ ጎልቶ የወጣው በ2012 ዓ.ም. መጀመሪያ ያረፈው ኤልያስ መልካ ነው። ያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት ቼሎ የተማረ፣ በገና ስቱዲዮን የመሠረተ አቀናባሪ ነበር። ክር በእጁ ነክቶ የሚያውቅ ሰው ማሽን ላይ ክር ሲጽፍ የሚለይበት ነገር አለ፤ የት ላይ ደጋኑ እንደሚመለስ ያውቃል።

የላይብረሪ ሥራ ከቅርብ ሲታይ እንዲህ ነው። አንድ የቫዮሊን ድምፅ አንድ ጊዜ ብቻ አይቀዳም፤ በቀስታ፣ በመካከለኛና በኃይል ይቀዳል፤ ተስቦ፣ ተቆርጦ፣ በጣት ተነክቶ፣ እየተንቀጠቀጠም እንደዚሁ። ቁልፉ የተመታበት ኃይል በሚዲ ከ1 እስከ 127 ይለካል፣ ኮምፒውተሩም ለዚያ ልክ የሚስማማውን ቅጂ ይመርጣል። አንዱ ድምፅ ተከታትሎ ቢመታ ደግሞ ጆሮ ማሽንነቱን እንዳያውቅበት ሁለት ሦስት ቅጂዎች ይፈራረቃሉ። ለትዝታ ቅኝት ዜማ ክር የሚጽፍ ሰው ቀኝ እጁን ለዜማው፣ ግራ እጁን ለአንድ ተሽከርካሪ መቆጣጠሪያ ይሰጣል፤ ያን ወደ ላይ ሲገፋው ክሩ ይጠነክራል፣ ሲመልሰው ይከስማል። ተሽከርካሪው ካልተነካ ትዝታው ሞቷል፤ ጀማሪ በአብዛኛው የሚታወቀው በዚህ ነው።

ቅኝቱ ሌላ ጣጣ ያመጣል። ላይብረሪዎቹ የተቀዱት ኦክታቩን እኩል አሥራ ሁለት ቦታ በሚከፍለው የአውሮፓ ስሌት ነው። ትዝታ በዚያ ላይ ያለ ብዙ ችግር ይቀመጣል። አንቺሆዬ ግን በፒያኖ ሲጻፍ ዶ፣ ሬ ቤሞል፣ ፋ፣ ሶል ቤሞልና ላ ተብሎ ይጠጋጋል እንጂ መሰንቆ ተጫዋች የሚያወጣው ያን አይደለም። ሶፍትዌሩ እያንዳንዱን ድምፅ በጥቂቱ ዝቅና ከፍ ማድረግ ይፈቅዳል፤ ሥራው ግን ጆሮ ይፈልጋል፣ ብዙ ሰውም ይዘለዋል።

የአገር መሣሪያዎችም ለሳምፕል እኩል አይመቹም። ክራር ተነክቶ የሚሞት ድምፅ ስላለው በቀላሉ ይቀዳል። በበገና ዐሥር አውታሮች ሥር የሚገቡት የቆዳ ቁርጥራጮች የሚሰጡት ንዝረት ከመሣሪያ መሣሪያ ይለያያል፤ ቢሆንም ይቻላል። ዋሽንት ለየቅኝቱና ለየከፍታው ልዩ ልዩ ርዝመት ስላለው አንዱን ቀድቶ ማሻገር ድምፁን ያበላሸዋል። ከሁሉ አስቸጋሪው መሰንቆ ነው። በአንድ የፈረስ ጭራ አውታር ላይ ጣት ሳያቋርጥ ይንሸራተታል፤ ከአንዱ ድምፅ ወደ ሌላው ያለው መንገድ ራሱ ዜማ ነው። ድምፅን ለየብቻ ቆራርጦ የሚያስቀምጥ ዘዴ ያን መንገድ ይጥለዋል። ስለዚህ ጥንቁቅ አቀናባሪዎች ኦርኬስትራውን በላይብረሪ ሠርተው መሰንቆውን በሰው ያስቀዳሉ።

ትላልቆቹ ላይብረሪዎች መቶዎች ጊጋባይት ስለሚመዝኑ በኢትዮጵያ ኢንተርኔት ማውረድ ትዕግሥት ይጠይቃል፤ ክፍያውም በውጭ ምንዛሪ ነው። ይህን ያቃለለው የነጻ ላይብረሪዎች መምጣት ነው። ስፒትፋየር የተባለው የለንደን ኩባንያ የቢቢሲ ሲምፎኒ ኦርኬስትራን ቀድቶ እ.ኤ.አ. በ2019 ካወጣ በኋላ 200 ሜጋባይት ገደማ የሆነ ትንሽ ቅጂ መጠይቅ ለሞላ ሰው በነጻ መስጠት ጀመረ። ይህ በስልክ ዳታ የሚወርድ መጠን ነው፤ ደብረ ብርሃን ወይም መዘዞ ላይ መካከለኛ ላፕቶፕ ያለው ሰው አሸናፊ ከበደ ቡዳፔስት ድረስ የሄደበትን ነገር፣ ቢያንስ በግምት፣ በጆሮ ማዳመጫው ሊሰማ ይችላል።

በግምት የተባለው ያለ ምክንያት አይደለም። ማሽኑ አይተነፍስም፤ ለፍሉት ሁለት ደቂቃ ያለ እረፍት ቢጻፍለት ሳይቃወም ይጫወታል። አሥር ሆርን ባንዴ ቢጠሩ ይመጣሉ፣ የትኛው አዳራሽ ግን አሥር ሆርን አለው? ለፊልም ወይም ለመዝሙር የተሠራ ሥራ በፋይልነት ሊቀር ስለሚችል ይህ አያሳስበውም። በሰው እንዲጫወት የታሰበ ድርሰት ግን ከሚዲ ወደ ኖታ ሲገለበጥ የትንፋሽ ቦታው፣ የደጋኑ አቅጣጫና የገጽ መገልበጫው እንደ ነርሲስ ዘመን አንድ በአንድ በሰው እጅ ይጨመርበታል።