ኪነ ጥበብና ሥነ ጽሑፍ በዘመነ አውግስጦስ ቄሣር፤ ወንጌል የተሰበከበት ዓለም

ወንጌላዊው ቅዱስ ሉቃስ የጌታችንን የአምላካችንንና የመድኃኒታችንን የኢየሱስ ክርስቶስን ልደት በተረከበት ምዕራፍ መጀመሪያ ላይ የሮሙን ቄሣር የአውግስጦስን ስም ይጠራል (ሉቃ. 2፥1)። ይህም አካላዊ ቃል ሥጋን የለበሰው በታወቀ ዘመንና በታወቀ መንግሥት መሆኑን ያስረዳል። የዚያን ዘመን ጥበብና ጽሑፍ ማወቅም የመጀመሪያዎቹ ምእመናን በምን ዓይነት ዓለም እንደ ኖሩ፣ ስለ እምነታቸውም ምን ዋጋ እንደ ከፈሉ ለማስተዋል ይረዳል። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በድንጋይ የተቀረጸ ሰላም

ኦክታቪያን በ31 ከክርስቶስ ልደት በፊት በአክቲየም የባሕር ጦርነት እንጦንዮስንና ክሌዎፓትራን ድል ነሥቶ የእርስ በርሱን ጦርነት ፈጸመ። በ27 ከክርስቶስ ልደት በፊትም የሮም ሸንጎ «አውግስጦስ»፣ ማለትም «የተከበረ» የሚለውን ስም ሰጠው። ከዚያ በኋላ ሥልጣኑን በሰይፍ ብቻ ሳይሆን በጥበብም አጸና። ከጡብ የተሠራችውን ሮም የእብነ በረድ ከተማ አድርጎ እንደ ተዋት ይመካ እንደ ነበር ታሪክ ጸሐፊው ስዌቶንዮስ ይናገራል።

ከሥራዎቹ መካከል ስመ ጥሩው በ9 ከክርስቶስ ልደት በፊት የተመረቀው «የሰላም መሠዊያ» ነው። በእብነ በረድ ግድግዳዎቹ ላይ የቄሣሩ ቤተሰብና ካህናተ ጣዖት በሰልፍ ሲሄዱ፣ እንዲሁም ሁለት ሕፃናት የታቀፈች እናት በእህልና በከብት ተከብባ ተቀርጸዋል። ሥራው እጅግ ያማረ ነው፤ ነገር ግን የሚያውጀው ሰላም በጦር የተገኘ ሰላም ነው። የቄሣሩ ሐውልቶችም በየአገሩ ቆመው ነበር። አውግስጦስ 75 ዓመት ኖሮ በ14 ዓ.ም. ቢሞትም ሐውልቶቹ ሁልጊዜ ወጣት አድርገው ያሳዩታል። መልኩ በገንዘብ ላይ ታትሞ በገበያው ሁሉ ይዘዋወር ነበር። ተከታዩ ጢባርዮስም በዲናሮቹ ላይ ራሱን «የመለኮታዊው አውግስጦስ ልጅ» አሰኝቷል። ጌታችን ዲናር አሳዩኝ ብሎ መልኩ የማን እንደ ሆነ የጠየቀው በዚህ ዓለም ውስጥ ነው (ማቴ. 22፥19-21)።

ባለቅኔዎችና ታሪክ ጸሐፊዎች

ዘመኑ የላቲን ሥነ ጽሑፍ ያበበበት ነው። የቄሣሩ ወዳጅ ሜሴናስ ባለቅኔዎችን በሀብቱ ይደግፍ ነበር፤ ከእነርሱም ቨርጂልና ሆራስ ይገኙበታል። ቨርጂል «ኤኔይድ» በተባለው ረጅም ግጥሙ የሮምን ጅማሬ ከትሮይ ከሸሸው ከኤንያስ ጋር አገናኘ፤ ሥራውን ፈጽሞ ሳያስተካክለውም በ19 ከክርስቶስ ልደት በፊት ሞተ። ሊቪ የሮምን ታሪክ በ142 መጻሕፍት ጽፏል፤ ዛሬ የሚገኙት 35ቱ ናቸው። ቄሣሩን ያስቆጣ ደራሲ ግን ይቀጣ ነበር። ኦቪድ በ8 ዓ.ም. በጥቁር ባሕር ዳርቻ ወዳለችው ወደ ቶሚስ ተግዞ በስደት ሞተ።

መጻሕፍት ከደንገል በተሠራ ጥቅል ላይ በእጅ ይጻፉ፣ ብዙውን ጊዜም በድምፅ ይነበቡ ነበር። ወንጌላዊው ፊልጶስ ኢትዮጵያዊው ጃንደረባ በሠረገላው ላይ የኢሳይያስን መጽሐፍ ሲያነብ የሰማው ስለዚህ ነው (ሐዋ. 8፥30)። በምሥራቁ የግዛቱ ክፍል ሕዝቡ የሚግባባበት ቋንቋ ጽርዕ ስለ ነበር የሐዲስ ኪዳን መጻሕፍትም በዚሁ ቋንቋ ለዓለም ደረሱ።

የምሥራቹ የማን ነው?

በታናሽ እስያ በምትገኘው በፕሪየኔ በ9 ከክርስቶስ ልደት በፊት ገደማ የተጻፈ የድንጋይ ጽሑፍ ተገኝቷል። ጽሑፉ የአውግስጦስን የልደት ቀን ለዓለም የምሥራች መጀመሪያ አድርጎ ያወድሳል። በዚያ የተቀረጸው የጽርዕ ቃል እኛ «ወንጌል» የምንለው ቃል ምንጭ ነው። እንግዲህ መልአኩ ለእረኞች ታላቅ ደስታን ባበሠረ ጊዜ፣ ሐዋርያትም ክርስቶስን የእግዚአብሔር ልጅና የሰላም ጌታ ብለው በሰበኩ ጊዜ፣ ሰሚዎቻቸው እነዚህን ቃላት በቄሣር ስም ሲሰሟቸው የኖሩ ነበሩ። በቤተ መንግሥት ያልተወለደው፣ በግርግም የተኛው ሕፃን ግን የባሕርይ አምላክ ነው፤ ሰላሙንም የሰጠው የሌላውን ደም በማፍሰስ ሳይሆን የራሱን ደም በማፍሰስ ነው።

የቅዱሳን ሐዋርያትና የሰማዕታት መንገድ

ቅዱስ ጳውሎስ በአቴና የጣዖታቱን ብዛት አይቶ መንፈሱ ተበሳጨ (ሐዋ. 17፥16)። ሆኖም በአርዮስፋጎስ ሲሰብክ የግሪክ ባለቅኔዎችን ቃል ጠቀሰ (ሐዋ. 17፥28)። ቃሉ በአራጦስ ግጥም ውስጥ ይገኛል፤ አራጦስም እንደ ጠርሴሱ ጳውሎስ የኪልቅያ ሰው ነበር። ሐዋርያው ቅኔውን እንጂ ጣዖቱን አልተቀበለም።

ይህ ልዩነት በኋላ የሕይወትና የሞት ጉዳይ ሆነ። በ112 ዓ.ም. ገደማ የቢታንያ ገዥ ፕሊኒ ለንጉሡ ለትራጃን በላከው ደብዳቤ፣ ክርስቲያኖችን በንጉሡ ምስል ፊት ዕጣንና ወይን እንዲያቀርቡ፣ ክርስቶስንም እንዲረግሙ እንደሚያስገድድ ጽፏል። በእምነታቸው የጸኑትን ያስገድል ነበር። ክርስቲያኖቹ ጎህ ሳይቀድ ተሰብስበው ለክርስቶስ እንደ አምላክነቱ ይዘምሩ እንደ ነበርም መስክሯል። ለሰማዕታቱ ሐውልቱ እንዲያው የተጠረበ ድንጋይ ነበር፤ ዕጣኑ ግን ለእግዚአብሔር ብቻ የሚገባ አምልኮ ነው።

በአውግስጦስ ዘመን አግሪጳ ያሠራው፣ ኋላም በሐድርያን ዘመን እንደ ገና የታነጸው ፓንቴዎን የአማልክት ቤት ነበር። በ609 ዓ.ም. ግን በእመቤታችን በቅድስት ድንግል ማርያምና በሰማዕታት ስም ቤተ ክርስቲያን ሆነ። ዕጣን ባለማጠናቸው የተገደሉት ሰማዕታት ዕጣን በሚታጠንበት ቤት ስማቸው ተጠራ። እኛም የዘመናችንን ጥበብ ስናይና ስናነብ ውበቱን ማድነቅ፣ ዕውቀቱንም መቅሰም እንችላለን፤ ምን እንድናመልክ እንደሚጠይቀን ግን መመርመር ይገባናል።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።