የጣና ዙሪያ በእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ

የጣና ዙሪያ በእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ሲባል ጣና ሐይቅ፣ የዓባይ ምንጭ፣ የፎገራ ሜዳና የአማራ ተራሮች ከ17ኛው እስከ 19ኛው ክፍለ ዘመን በእንግሊዝኛ በተጻፉ ሥራዎች ውስጥ ያገኙትን ቦታ ያመለክታል። ከዋና ዋናዎቹ ጸሐፊዎች መካከል ጆን ሚልተን፣ ሳሙኤል ጆንሰን፣ ጄምስ ብሩስና ሳሙኤል ቴይለር ኮልሪጅ ይገኛሉ። ከአራቱ አገሩን በዓይኑ ያየው ብሩስ ብቻ ነው። ሌሎቹ የጻፉት መጻሕፍት አንብበው ነው። በዚህ ምክንያት ርዕሱ አንድ ድርሰት ከሌላ ድርሰት እንዴት እንደሚወለድ፣ አንድ ዓይነት መረጃም በደራሲው የአጻጻፍ ስልት እንዴት እንደሚለወጥ የሚያሳይ ምሳሌ ነው። በዚህ መጣጥፍ ያሉት ዓመተ ምሕረቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አካባቢው

የፎገራ ሜዳ በደቡብ ጎንደር፣ ከጣና ሐይቅ በስተምሥራቅ የሚገኝ ለጥ ያለ ሜዳ ነው። ርብና ጉማራ የተባሉት ወንዞች አቋርጠውት ወደ ጣና ይገባሉ፤ በክረምትም ሞልተው ሜዳውን ያጥለቀልቁታል። ዋና ከተማው ወረታ ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር በሚወስደው መንገድ ላይ ትገኛለች፤ ወደ ደብረ ታቦር የሚሄደው መንገድም የሚገነጠለው ከዚያው ነው። አካባቢው ዛሬ በሩዝ እርሻና በፎገራ የከብት ዝርያ ይታወቃል።

በጎንደር ነገሥታት ዘመን ከጎንደር ተነሥቶ በሐይቁ ምሥራቃዊ ዳርቻ ወደ ደራና ወደ ጢስ ዓባይ የሚወርድ ሰው በእንፍራዝ በኩል አልፎ ይህን ሜዳ ማቋረጥ ነበረበት። በእንፍራዝ አጠገብ ያለው የጉዛራ ግንብ የአፄ ሠርፀ ድንግል እንደሆነ ይነገራል። የ17ኛው ክፍለ ዘመን ፖርቱጋላውያን ከሐይቁ በስተሰሜን ባለው አገር ስም ጣናን «የደምቢያ ሐይቅ» ይሉት ነበር። በእንግሊዝኛ መጻሕፍትም ለረጅም ጊዜ የሚታወቀው በዚህ ስም ነው።

የመረጃው ምንጮች

እንግሊዛውያን ደራስያን ስለ ኢትዮጵያ ያወቁት በአብዛኛው ከአራት ምንጮች ነው። የመጀመሪያው ከ1520 እስከ 1526 በኢትዮጵያ የቆየው የፖርቱጋላዊው ቄስ የፍራንሲስኮ አልቫሬዝ መጽሐፍ ነው። በ1540 ታትሞ የወጣው ይህ መጽሐፍ የነገሥታት ልጆች በአምባ ላይ ይጠበቁ እንደነበር ይተርካል። አምባው በወሎ የሚገኘው ግሼን ነው።

ሁለተኛው በአፄ ሱስንዮስ ዘመን የመጣው የኢየሱሳውያን ሚስዮናዊ የጄሮኒሞ ሎቦ ጽሑፍ ነው። ሎቦ ከ1625 እስከ 1634 በአገሪቱ ሲኖር ጣናንና ዓባይን አይቷል። ስለ ዓባይ የጻፈው በ1669 ወደ እንግሊዝኛ ተተርጉሟል። ሰፊው የጉዞ ታሪኩ ደግሞ በ1728 በዮአኪም ለ ግራን አማካይነት በፈረንሳይኛ ታተመ።

ሦስተኛው የጀርመናዊው ሊቅ የኢዮብ ሉዶልፍ የኢትዮጵያ ታሪክ ነው። በ1681 በላቲን ወጥቶ በማግሥቱ ዓመት ወደ እንግሊዝኛ ተተረጎመ። ሉዶልፍ ኢትዮጵያን አላየም፤ ያስተማረው አባ ጎርጎርዮስ የተባለ የአማራ አገር ሊቅ ነው። አራተኛው በ1790 የታተመው የብሩስ የጉዞ መጽሐፍ ነው።

ሚልተንና የአማራ ተራራ

ሳሙኤል ፐርቻስ የተባለው እንግሊዛዊ ቄስ በ1613 ባሳተመው መጽሐፉ የነገሥታቱን አምባ «የአማራ ተራራ» ብሎ ጠርቶ እንደ ምድራዊ ገነት አድርጎ አቅርቦታል። ብዙውን ነገር የወሰደው ኢትዮጵያን ረግጦ ከማያውቀው ከስፔናዊው ሉዊስ ደ ኡሬታ ነው። ለልዑላን መጠበቂያ የነበረው ነፋሻ አምባ በዚህ መንገድ በወረቀት ላይ የአትክልት ቦታ ሆነ።

ጆን ሚልተን በ1667 ባሳተመው «ፓራዳይዝ ሎስት» (የጠፋው ገነት) በተሰኘው ረጅም ግጥሙ የአማራን ተራራ ከእውነተኛው ገነት ጋር ከማይስተካከሉ ውብ ቦታዎች አንዱ አድርጎ ጠቅሶታል። የሚልተን ስልት ቤት የማይመቱ ረጃጅም ስንኞችን መደርደርና የሩቅ አገር ስሞችን መከመር ነው። ለእርሱ «አማራ» የምትኖርበት አገር ሳትሆን በስሟ ድምፅና በርቀቷ ግጥሙን የምታደምቅ ቃል ናት።

ሳሙኤል ጆንሰን

ጆንሰን (1709–1784) ገና ስሙ ሳይታወቅ የሎቦን መጽሐፍ ከፈረንሳይኛው አሳጥሮ ወደ እንግሊዝኛ መለሰ። በ1735 የወጣው ይህ ትርጉም የመጀመሪያው መጽሐፉ ሲሆን ያገኘበት ክፍያ 5 ጊኒ ነበር። በመቅድሙ ላይ ሎቦን የሚያመሰግነው ያየውን እንዳየው በመጻፉና ተአምረኛ አውሬዎችን ባለመፍጠሩ ነው።

ከ17 ዓመት በኋላ፣ በየካቲትና በመጋቢት 1752፣ «ዘ ራምብለር» በተባለው የመጣጥፍ ኅትመቱ ቁጥር 204 እና 205 ላይ ስለ ኢትዮጵያው ንጉሥ ስለ ሰገድ አጭር ታሪክ ጻፈ። ሰገድ አሥር ቀን ብቻ ያለ ሐሳብ በደስታ ለመኖር ወስኖ በደምቢያ ሐይቅ፣ ማለትም በጣና፣ ደሴት ላይ ወዳለው ቤተ መንግሥቱ ይሄዳል። ደስታው ግን በየቀኑ በአንድ ምክንያት ይደፈርሳል። በመጨረሻም ልጁ ባልኪስ ታማ በአሥረኛው ቀን ትሞታለች።

በ1759 እናቱ ሲሞቱ የቀብሩን ወጪና የቀረባቸውን ዕዳ ለመክፈል «ራሴላስ» የተባለውን ልብ ወለድ በአንድ ሳምንት ምሽቶች እንደጻፈው የሕይወት ታሪኩ ጸሐፊ ጄምስ ቦስዌል ይተርካል። ለመጽሐፉ 100 ፓውንድ ተከፈለው። ታሪኩ በአማራ ግዛት በተራሮች በተከበበ «የደስታ ሸለቆ» ውስጥ የሚኖር አንድ ልዑል ምቾት ሰልችቶት ከእኅቱ ከነካያና ከባለቅኔው ከኢምላክ ጋር አምልጦ በግብፅ የተሻለ አኗኗር ሲፈልግ ያሳያል። ፍለጋው መልስ ሳያገኝ ያልቃል። ልብ የሚባለው ነገር አምባው ወደ ሸለቆ መለወጡ ነው። በአልቫሬዝ ዘንድ ልዑላኑ ከፍ ብለው ተራራ ላይ ነበሩ፤ በጆንሰን ዘንድ ግን ዝቅ ብለው በተራራ ታጥረዋል።

የገጸ ባሕርያቱ ስሞችም ከምንጮቹ የተወሰዱ ናቸው። «ራሴላስ» በሎቦ መጽሐፍ ከሚጠቀሰው ከሱስንዮስ ወንድም ከራስ ሥዕለ ክርስቶስ ስም የወጣ ነው፤ ማዕረጉ «ራስ» እና የስሙ ግማሽ «ሥዕለ» ተጣብቀው አንድ ስም ሆነዋል። «ሰገድ» የመጣው ከሱስንዮስ የንግሥና ስም ከሥልጣን ሰገድ ነው። «ኢምላክ» ደግሞ የይኩኖ አምላክን ስም ሁለተኛ ክፍል ይመስላል። ለአማርኛ አንባቢ «ሰገድ» ብቻውን፣ «ሥዕለ»ም ያለ ተከታዩ ጎደሎ ነው። እንግሊዛዊው አንባቢ ግን ሙሉ ስም አድርጎ ተቀብሎታል።

የጆንሰን ስልት ከባድና ሚዛናዊ ነው። ዐረፍተ ነገሮቹ ሁለት ሁለት ሐሳቦችን አነጻጽረው ይሄዳሉ፤ ከላቲን የመጡ ረቂቅ ቃላት ይበዙባቸዋል። ኢምላክ ራሱ ባለቅኔ የአንዲትን አበባ መስመር ከመቁጠር ይልቅ የሰውን ልጅ ሁሉ የሚመለከተውን መናገር እንዳለበት ያስተምራል። ስለዚህ የ«ራሴላስ» አንባቢ የአማራን ገበሬ፣ እርሻና ምግብ አያገኝም። የሚያገኘው ስለ ደስታ የሚጠይቅ ሰውን ነው።

በዚያው ዓመት ቮልቴር በፈረንሳይኛ «ካንዲድ»ን አሳተመ። ሁለቱ መጻሕፍት በሐሳብ በጣም ይቀራረባሉ። ጆንሰን ራሱ በወጡበት ጊዜ መቀራረብ የተነሣ እንጂ አንዱ ከሌላው ቀዳ ይባል እንደነበር መናገሩን ቦስዌል ጽፏል። ይህም መመሳሰል ሁሉ የተጽዕኖ ማስረጃ እንዳልሆነ ያሳያል።

ጄምስ ብሩስ

ስኮትላንዳዊው ብሩስ በ1770 ጎንደር ገባ። በዚያው ዓመት በሚያዝያና በግንቦት ወር በሐይቁ ምሥራቅ በእንፍራዝና በደራ በኩል እስከ ጢስ ዓባይ ፏፏቴ ደረሰ፤ ርብና ጉማራ የሚሻገሩት በዚህ መንገድ ነው። በጦርነት ምክንያት ከተመለሰ በኋላ በሁለተኛው ጉዞው በሐይቁ ምዕራብ ዞሮ በኅዳር ወር ግሽ ዓባይ ደረሰ። ኢየሱሳዊው ፔድሮ ፓኤዝ ምንጩን በ1618 ማየቱ የታወቀ ቢሆንም ብሩስ ቀዳሚው እኔ ነኝ ብሎ ተከራክሯል፤ ሎቦንም በሐሰት ከሷል።

በ1774 ወደ ብሪታንያ ሲመለስ የተናገረውን ብዙ ሰው አላመነውም። በተለይ ከሕያው ላም ሥጋ ሲቆረጥ አየሁ ማለቱ መሳቂያ አደረገው። በ1775 ያገኘው ጆንሰንም አነጋገሩ ጥርት ያለ ባለመሆኑ አልረካም። የጉዞ መጽሐፉ በ1790 በአምስት ቅጽ ወጣ። በ1792 የባሮን ሙንሃውዘን የውሸት ጀብዱዎች ተከታይ ክፍል በሹፈት ለእርሱ መታሰቢያ ተደርጎ ታተመ። የብሩስ ስልት ከጆንሰን ተቃራኒ ነው፦ «እኔ» የሚል ተራኪ፣ ቀን በቀን የሚሄድ ጉዞ፣ ንግግር፣ ሽኩቻና ዝርዝር።

ኮልሪጅ

ኮልሪጅ «ኩብላ ካን» የተባለውን ግጥም የጻፈው በ1797 ገደማ ሲሆን ያሳተመው በ1816 ነው። ግጥሙ ስለ አንድ የእስያ ንጉሥ ቤተ መንግሥትና ከመሬት ስለሚፈልቅ ወንዝ ጀምሮ ወደ መጨረሻው ስለ ተራራ የምትዘፍን አንዲት ሐበሻ ልጃገረድ ያመጣል። በታተመው ግጥም የተራራው ስም «አቦራ» ነው። በእጅ ጽሑፉ ላይ ግን «አማራ» ይላል።

ጆን ሊቪንግስተን ሎውዝ በ1927 ባሳተመው ጥናት ኮልሪጅ ካነበባቸው መጻሕፍት የቀሩ ምስሎች በግጥሙ ውስጥ እንዴት እንደተዋሐዱ መርምሯል። በእርሱ አስተያየት የፐርቻስ ተራራ፣ የሚልተን ገነትና ብሩስ የሳለው የዓባይ ምንጭ በአንድ ላይ ገብተዋል። ኮልሪጅ ምክርም ትረካም አያቀርብም። በቤት አመታትና በድምፅ አንባቢውን እንደ ሕልም ይወስደዋል።

የስልቶቹ ንጽጽር

በአራቱ ጸሐፊዎች ዘንድ ተመሳሳይ ነገሮች ይመላለሳሉ፦ ከፍ ያለ ተራራ፣ የተዘጋ ቦታ፣ ውኃና ምንጭ። ሚልተን ከነዚህ ንጽጽር ሠራ፤ ጆንሰን ፍልስፍና፤ ብሩስ ጀብዱ፤ ኮልሪጅ ራእይ። ተጽዕኖ ማለት መገልበጥ ቢሆን ኖሮ ሥራዎቹ መመሳሰል ነበረባቸው። የአንዱን ሐረግ ከሌላው አጠገብ አድርጎ ለሚያነብ ግን ልዩነቱ ወዲያው ይታያል። ደራሲ ከቀዳሚው የሚወስደው ጥሬ ዕቃውን ነው፤ ስልቱን የሚያመጣው ከራሱና ከዘመኑ ነው።

ይህ ሰንሰለት ጉዳትም ነበረው። እያንዳንዱ ጸሐፊ ከቀደመው መጽሐፍ እየወሰደ በሄደ ቁጥር እውነተኛው አገር እየራቀ ሄደ። በክረምት ውኃ የሚተኛበትን ሜዳ፣ የሚያርሰውንና ከብት የሚያግደውን ሕዝብ ከሚልተን፣ ከጆንሰንና ከኮልሪጅ ማንበብ አይቻልም።

በኋላ ዘመን ደራስያን ላይ

ኤሊስ ኮርኔሊያ ናይት በ1790 «ዲናርባስ» በሚል ርዕስ የ«ራሴላስ»ን ተከታይ ጻፈች። በሻርሎት ብሮንቴ «ጄን ኤር» (1847) ውስጥ ሄለን በርንስ የተባለችው ተማሪ ስትተዋወቀን የምታነበው «ራሴላስ»ን ነው። በኤልዛቤት ጋስኬል «ክራንፎርድ» ደግሞ አንዲት ወይዘሪትና አንድ ሻምበል የጆንሰን አጻጻፍ ይሻላል ወይስ የወጣቱ ቻርልስ ዲክንስ በሚል ይጣላሉ፤ ወይዘሪቷ የምትሟገተው ከ«ራሴላስ» እያነበበች ነው። ቶማስ ፓከናም የጎንደር ዘመን ልዑላን የተጠበቁበትን ወኅኒ አምባን ፈልጎ ካየ በኋላ በ1959 ያሳተመውን መጽሐፍ «የራሴላስ ተራሮች» ብሎታል፤ በዚህም እውነተኛው ተራራ በልብ ወለዱ ስም ተጠርቷል።

የኢትዮጵያውያን ድርሻ

ተጽዕኖው የአውሮፓውያን እርስ በርስ ብቻ አልነበረም። ያለ አባ ጎርጎርዮስ የሉዶልፍ መጽሐፍ አይጻፍም ነበር። ብሩስም በግዕዝ የተጻፉ መጻሕፍትን ይዞ ተመልሷል፤ ከእነዚህ አንዱ መጽሐፈ ሄኖክ ነው። ሪቻርድ ሎረንስ በኦክስፎርድ ከሚገኘው ቅጂ በ1821 ወደ እንግሊዝኛ ከመለሰው በኋላ ባለቅኔውና ሠዓሊው ዊልያም ብሌክ በሕይወቱ መጨረሻ ዓመታት ሥዕሎች ሣለበት።

ተመራማሪዋ ዌንዲ ሎራ ቤልቸር በ2012 ባሳተመችው መጽሐፍ ጆንሰን ሎቦን ሲተረጉም የኢትዮጵያውያን አስተሳሰብ በራሱ ድርሰቶች ውስጥ ገብቶ እንደቀረ ተከራክራለች። በዚህ አመለካከት ኢትዮጵያ የተጻፈባት ብቻ ሳትሆን በእንግሊዛዊው ደራሲ በኩል የተናገረች ናት።

«ራሴላስ» በ20ኛው ክፍለ ዘመን ወደ አማርኛ ተተርጉሟል። ተርጓሚው በኦክስፎርድ የተማረው የብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ ልጅ ሲራክ ኅሩይ ነው። ከጣና ዙሪያ በፖርቱጋልኛ ተጽፎ፣ በፈረንሳይኛ አልፎ፣ በእንግሊዝኛ ልብ ወለድ የሆነው ታሪክ በዚህ ትርጉም ወደ ተነሣበት አገር ቋንቋ ተመልሷል።