የጎንደር ግንብና የጎንደር ጎጆ

ጎንደር ሲባል አስቀድሞ በሰው ኅሊና የሚሣለው ግንቡ ነው። ግንቡም በእውነት የሚደነቅ ስለ ኾነ በዚህ የሚወቀስ የለም። ይኹን እንጂ ከተማዪቱ ከመናገሻነቷ ዘመን አልፎ እስከ ዛሬ ያልተወችው አንድ ሥራ አላት፤ ይኸውም ማስተማር ነው። መንግሥቱ ሲደክም፥ አደባባዩ ሲቃጠል፥ ገበያው ሲፈታ፥ ተማሪ ከጎንደር አልጠፋም። የሚገርመውም፥ ለንጉሥ ያን ያህል ድንጋይ የተካበባት ከተማ ለትምህርት የሰጠችው ቤት ብዙውን ጊዜ የሣር ጎጆ መኾኑ ነው።

ዐፄ ፋሲል በ1628 ዓ/ም ግድም በአንገረብና በቀሃ ወንዞች መካከል ባለው ከፍታ ላይ መናገሻቸውን መሠረቱ። ከዚያ በፊት የነበሩት ነገሥታት አብዛኛውን ዘመናቸውን በድንኳን ከስፍራ ወደ ስፍራ ሲዘዋወሩ ያሳልፉ ነበርና፥ በአንድ ቦታ ረግቶ ለመኖር መቍረጥ ብቻውን ታላቅ ነገር ነበር። ግንባቸው ከአካባቢው በተፈለጠ ጠቈር ያለ ድንጋይና በኖራ የተሠራ ነው። በአራቱ ማእዘን የቆሙት ክብ ማማዎች እንቍላል በሚመስል ጕልላት ይጨረሳሉ፤ የበሩና የመስኮቱ ቅስት ግን ቀላ ባለ ድንጋይ የተከፈፈ ስለ ኾነ ለግድግዳው ድምቀት ይሰጠዋል። ከፍታው 32 ሜትር ያህል ይደርሳል።

ይህን ግንብ ፖርቱጋሎች ሠሩት የሚለው ወሬ ለረጅም ጊዜ ሲነገር ኖሯል። መልሱን ለማግኘት ዘመኑን ማስተያየት ይበቃል፤ ዐፄ ፋሲል የኢየሱሳውያንን ሚሲዮን ከአገር ያስወጡት ከተማዪቱን ከመቈርቈራቸው ጥቂት ዓመታት ቀደም ብለው ነውና። በአባታቸው በዐፄ ሱስንዮስ ዘመን በኖራ መገንባት ከሕንድ በመጡ ሰዎች አማካይነት እንደ ተለመደ ኢየሱሳውያኑ ራሳቸው ጽፈዋል። ከዚያ በኋላ ጥበቡ የአገሬው ግንበኛ ኾነ። ከግንበኞቹና ከአናጢዎቹም መካከል የቤተ እስራኤል ድርሻ ታላቅ ነበር። ዛሬ የልጅ ልጆቻቸው በአብዛኛው በእስራኤል አገር ይኖራሉ፤ ግንቡ ግን በየንጉሡ ስም ይጠራል እንጂ የግንበኛውን ስም የሚያነሣ የለም።

ተከታዮቹ ነገሥታትም እያንዳንዳቸው በዚያው ቅጥር ውስጥ የየራሳቸውን ቤት ጨመሩ። የታላቁ ኢያሱ ቤት በጌጡ የተመሰገነ ነበር፤ በመጀመሪያ በመሬት መንቀጥቀጥ፥ ኋላም በኢጣልያ ጦርነት ጊዜ በእንግሊዝ አውሮፕላኖች ቦምብ ተጐድቶ ጣራው ክፍት ቀርቷል። ዐፄ ዳዊት የመዝሙር አዳራሽ፥ ዐፄ በካፋ የግብር አዳራሽ አሠሩ፤ እቴጌ ምንትዋብም ከከተማው ወጣ ብለው ደብረ ፀሐይ ቍስቋምን ደበሩ። ለእኛ ነገር ግን ከኹሉ የሚበልጠው የጻድቁ ዮሐንስ የመጻሕፍት ቤት ነው። አራት ማእዘን ያለው፥ ደርብ የኾነ፥ ከጎረቤቱ ከፋሲል ግንብ ጋራ ሲተያይ ትሑት የኾነ ቤት ነው። በጎንደር መጽሐፍ በድንጋይ ቤት ያደረው በዚህና በጥቂት አብያተ ክርስቲያናት ብቻ ነው ብንል ብዙ አንሳሳትም።

አንባቢ ሆይ፥ አኹን ከቅጥሩ ወጥተን ወደ በአታ እንሂድ። በአታ የአቋቋም ማስመስከሪያ ናት። ዜማውን በአንድ አገር፥ ቅኔውን በሌላ አገር የተማረ ደቀ መዝሙር ደበሎውን ለብሶ፥ አኮፋዳውን አንግቶ፥ ከጎጃም፥ ከወሎ፥ ከሸዋም ኾነ ከትግራይ በእግሩ ወደዚህ ይመጣ ነበር። ቤት የሚሰጠው የለም። እንጨት ቈርጦ፥ ጭቃ ረግጦ፥ ሣር አጭዶ ከቤተ ክርስቲያኑ አጠገብ ጎጆውን ራሱ ይቀልሳል። በሩ ጐንበስ ተብሎ የሚገባበት፥ ውስጡም ከመኝታ የማይተርፍ ነው። ትምህርቱ የሚሰጠው በመምህሩ ደጅ ነው፤ መቋሚያና ጸናጽል፥ ከበሮም ከተገኘ ሌላ ዕቃ አይፈለግም። ተማሪው ተመርቆ ሲሄድ ጎጆው ለመጪው ይተላለፋል፤ ወራሽ ካጣም በአንድ ክረምት ይፈርሳል።

ከእነዚህ ቤቶች አንዱም ለታሪክ የቆመ የለም። ስማቸው ግን ቀርቷል። በመጻሕፍት ትርጓሜ «ላይ ቤት» እና «ታች ቤት» የሚባሉት ኹለቱ ወገኖች ስማቸውን ያገኙት በጎንደር መምህራኑ ከተቀመጡበት ሥፍራ ነው። ታች ቤት ሲነሣ የመምህር ኤስድሮስ ስም አብሮ ይነሣል፤ ላይ ቤት የቀደመውን ትርጓሜ እንደ ያዘ ይነገርለታል። ዛሬ ከጎንደር እጅግ ርቆ የሚማር ደቀ መዝሙር «እኔ የታች ቤት ነኝ» ሲል አይቶት የማያውቀውን ቤት መጥራቱ ነው።

ይህ ባይኾን ኖሮ የጎንደር ትምህርት በ19ኛው መቶ ዓመት ባለቀ ነበር። ዐፄ ቴዎድሮስ የከተማዪቱን መጻሕፍት ወደ መቅደላ አስጓዙ፤ በ1859 ዓ/ም ደግሞ ከተማዪቱን አስዘርፈው አቃጠሉ። በ1860 ዓ/ም መቅደላ በእንግሊዞች እጅ ስትወድቅ 350 ያህል የብራና መጻሕፍት ወደ ብሪቲሽ ሙዚየም ተወሰዱ፤ በጎንደር ከተጻፉት መጻሕፍት ብዙዎቹ እስከ ዛሬ በሎንዶን ይገኛሉ። በ1880 ዓ/ም ደግሞ የመሐዲ ጦር መጥቶ የተረፉትን አብያተ ክርስቲያናት አቃጠለ። ደብረ ብርሃን ሥላሴ ግን ጣራው ላይ ከተሣሉት መላእክት ጋራ ተረፈ፤ ንብ ተነሥቶ ጠላትን አባረረ ይባላል። ብራናው ነደደ፤ በቃሉ የያዘው ተማሪ ግን አልነደደምና፥ እሳቱ ሲበርድ ጎጆው እንደ ገና ተቀለሰ።

ኢጣልያኖች በ1928 ዓ/ም ገብተው እስከ ኅዳር 18 ቀን 1934 ዓ/ም ሲቈዩ ከግንቡ በላይ ያለውን ሠፈር በራሳቸው አሠራር ሠሩ። የፖስታ ቤቱና የሲኒማ ቤቱ የተጠጋጋ ግድግዳ እስከ ዛሬ ፒያሳን ያስጌጣል። መልኩ ያማረ ነው፤ ዕቅዱ ግን ነጩን ከአገሬው ለመለየት የታሰበ መኾኑን መርሳት አይገባም።

በ1940ዎቹ አጋማሽ በደንቢያ የወባ ወረርሽኝ ተነሥቶ ሺሕ በሺሕ የሚቈጠር ሕዝብ አለቀ። ከዚህ በኋላ በ1947 ዓ/ም የጤና ጥበቃ ኮሌጅና ማሠልጠኛ በጎንደር ተከፈተ፤ የዓለም የጤና ድርጅት፥ ዩኒሴፍና የአሜሪካ መንግሥት ረዱት። ኮሌጁ የጤና መኰንኖችን፥ የኅብረተሰብ ነርሶችንና የአካባቢ ንጽሕና ጠባቂዎችን አንድ ላይ እያሠለጠነ፥ በቡድን አድርጎ ወደ ገጠር ጤና ጣቢያ ይልካቸው ነበር። ተማሪው ጕድጓድ ሲያስቈፍር፥ ምንጭ ሲያስጠብቅ፥ በየጎጆው እየገባ የታመመውን ሲጠይቅ ይማር ነበር። የቆሎ ተማሪው በየደጁ የለመነበት አገር፥ ይህኛው በየደጁ መድኀኒት ይዞ የዞረበት አገር ኾነ።

ኮሌጁ አድጎ በ1996 ዓ/ም ዩኒቨርሲቲ ተባለ። ቅርንጫፎቹ በከተማዪቱ ልዩ ልዩ ሥፍራ ተበትነዋል፤ አንዱ በዐፄ ፋሲል፥ አንዱም በዐፄ ቴዎድሮስ ስም ይጠራል። ከተማዪቱን ለቈረቈራት ንጉሥም ላቃጠላት ንጉሥም ተማሪ ተመድቦላቸዋል።