ተኝቶ የሚያስተውል ልቡና

ሰው ሁሉ ያልማል፤ ነገር ግን ሕልሙን እያየ ሳለ ማለሙን የሚያውቅ ጥቂት ነው። የተኛ ሰው ብዙውን ጊዜ የታየውን ሁሉ እውነት ነው ብሎ ይቀበላል፤ ቢያሳድዱት ይሸሻል፤ ወርቅ ቢሰጡት ይደሰታል፤ በነቃም ጊዜ እጁን ባዶ ሆኖ ያገኘዋል። አልፎ አልፎ ግን እንቅልፉ ሳይለቀው፥ ሕልሙም ሳይቋረጥ፥ «ይህስ ሕልም ነው» የሚል አሳብ ከልቡናው ይነሣል። ነገሩ ለጨዋታ ብቻ የሚበቃ ቢመስልም፥ ከ2300 ዓመት በላይ ፈላስፎችንና የሃይማኖት መምህራንን ሲያመራምር ኖሯል። ዐይን ተከድኖ፥ ሥጋም እንደ ግንድ ተጋድሞ ሳለ፥ ምስሉን ከእውነቱ የሚለየው ምንድር ነው? ሥጋ ሲያርፍ የማያርፍ ነገር ካለ፥ ሥጋ ሲሞትስ እንዴት ይሆናል?

ይህን ነገር ከጻፉት ከጥንት ፈላስፎች አንዱ፥ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ322 ዓመት የሞተው የግሪክ ሰው አርስጣጣሊስ ነው። ስለ ሕልም በጻፈው አጭር መጽሐፍ እንደሚያስረዳው፥ ሕልም ማለት ቀን በሕዋሳት የገባው ነገር ትራፊ ነው። ሰው ተኝቶ የሚያውቀውን ሰው መልክ ባየ ጊዜ፥ መልኩ ታየ እንጂ ሰውየው ራሱ አልመጣም የሚል ነገር አንዳንድ ጊዜ ከውስጡ ይናገረዋል። መተኛቱን ያላወቀ እንደ ሆነ ግን ምስሉን የሚቃወምበት አንዳች የለም።

ጥያቄውን ወደ ነፍስ ነገር ያሻገረው፥ በዛሬው አልጄርያ ባሕር ዳር የነበረችው የሂፖ ከተማ ኤጲስ ቆጶስ አውግስጢኖስ ነው። በአውሮፓ አቈጣጠር በ415 ዓ.ም. ገደማ፥ ወዳጁ የኡዛሊስ ኤጲስ ቆጶስ ኤዎድዮስ፥ ነፍስ ከሥጋ በተለየች ጊዜ ሌላ ሥጋ ይዛ ትሄድ እንደ ሆነ በደብዳቤ ጠየቀው። አውግስጢኖስም እንዲህ ያለውን እንደማያምን ከገለጸ በኋላ፥ በካርታጎ ይኖር የነበረውን የሐኪሙን የጌናድዮስን ታሪክ ጻፈለት።

ጌናድዮስ ለድኆች የሚራራ ደግ ሰው ነበር፤ ነገር ግን በወጣትነቱ ከሞት በኋላ ሕይወት መኖሩን ይጠራጠር ነበር። አንድ ሌሊት መልከ መልካም ጐልማሳ በሕልሙ ተገልጦ «ተከተለኝ» አለው። ተከትሎትም ወደ አንዲት ከተማ ደረሰ፤ በቀኝ በኩል ከለመደው ሁሉ የሚጣፍጥ ዜማ ሰማ፤ ምን እንደ ሆነም ቢጠይቅ የቅዱሳን ምስጋና መሆኑ ተነገረው። ሲነቃ ግን ሕልም ነው ብሎ ተወው። በሌላ ሌሊት ያው ጐልማሳ ተመልሶ፥ ታውቀኛለህን አለው። ጌናድዮስም ማወቁን ተናገረ፤ ያየውንም ሁሉ ዘርዝሮ አስታወሰ። ይህን ያየኸው ነቅተህ ነው ወይስ ተኝተህ ቢለው፥ ተኝቼ ነው አለ። ጐልማሳውም አሁንም የምታየኝ ተኝተህ መሆንህን ዕወቅ አለው። ከዚያም ሥጋህ ወዴት ነው ብሎ ጠየቀው። ሐኪሙ ባልጋዬ ላይ ነው አለ። የሥጋህ ዐይኖች እንደ ተከደኑና ምንም እንደማያዩ ታውቃለህን ቢለው፥ ዐውቃለሁ አለ። እንግዲያስ እኔን የምታይባቸው እነዚህ ዐይኖች ምንድር ናቸው ባለው ጊዜ የሚመልሰው አጥቶ ዝም አለ። ጐልማሳውም፥ ዛሬ የሥጋህ ዐይኖች ሥራ ፈትተው ሳለ እንደምታይ፥ ከሞትም በኋላ እንዲሁ ሕያው ሆነህ ታያለህና ከእንግዲህ ወዲህ አትጠራጠር አለው። የሐኪሙ ጥርጥር በዚህ ጠፋለት።

አውግስጢኖስ ይህን ትምህርት ከእግዚአብሔር ቸርነት የመጣ ነው ብሎ ተቀበለው፤ ዳሩ ግን ክርክሩን ሁሉ የሚዘጋ ማስረጃ ነው አላለም። ታሪኩ ጥያቄውን ይበልጥ ያወሳስበዋል የሚል ሰው እንደሚኖርም አልሸሸገም፤ ማመን ወይም አለማመን ለሰሚው የተተወ ነው፤ ሰው ሁሉ ግን ዕለት ዕለት ይተኛል፥ ይነቃል፥ ያስባልና ራሱን ይመርምር አለ። እንዲህ መጠንቀቁ በራሱ ከደረሰበት ነገር ጋር ይስማማል። ኦሪት ዘፍጥረትን በተረጐመበት መጽሐፍ በ12ኛው ክፍል እንደጻፈው፥ አንድ ጊዜ ሲያልም ማለሙን ዐወቀ፤ የሚያየውም ሁሉ ምስል እንጂ እውነተኛ አካል እንዳልሆነ ተረዳ። ወዲያውም ይህንኑ በሕልሙ አብሮት ላየው ወዳጁ ያስረዳው ጀመር! ሕልሙን ሕልም ብሎ የለየ ሰው፥ የሚያስረዳው ወዳጁ ራሱ ከሕልሙ አንዱ መሆኑን ሳያስብ ቀረ። በ1274 ዓ.ም. የሞተው ቶማስ አኩዊናስም ተኝቶ የሚፈርድ ሰው ምስሉን ከእውነቱ ቢለይም፥ በአንድ ነገር ሳይታለል አይቀርም ብሎ ጻፈ።

ይህን ነገር የመረመሩት የምዕራብ ሊቃውንት ብቻ አይደሉም። በ11ኛው መቶ ዓመት ተርጓሚው ማርፓ ከህንድ ወደ ቲቤት ያመጣው፥ በመምህሩ በናሮፓ ስም የሚጠራ ስድስት ክፍል ያለው ትምህርት አለ፤ ከስድስቱም አንዱ የሕልም ትምህርት ነው። ደቀ መዝሙሩ ቀን የሚያየውን ሁሉ እንደ ሕልም መቍጠርን ይለማመዳል፤ ሌሊት ሕልሙን ባወቀ ጊዜም የታየውን ለመለወጥ ይሞክራል። መጨረሻው ግን ከአውግስጢኖስ ደብዳቤ ፈጽሞ ይለያል። ለሐኪሙ ሕልሙ ከሥጋ በኋላ የሚኖር ሕያው መኖሩን አስተማረው፤ ለቲቤቱ ተማሪ ግን የሚታየው ዓለምም የሚያየው ሰውም ጸንቶ የሚኖር ባሕርይ የሌላቸው መሆኑን ያስተምረዋል። አንዱ ነገር ለሁለት ተቃራኒ ትምህርት ምስክር ሆኖ ቆመ ማለት ነው።

በኋላ ዘመን የፈረንሳዩ ሊቅ ኤርቬ ደ ሳንዴኒ በ1867 ዓ.ም. ሕልምን ስለ መምራት መጽሐፍ አሳተመ፤ የሆላንዱ ሐኪም ፋን ኤደንም በ1913 ዓ.ም. ለዚህ ዐይነቱ «ብሩህ ሕልም» የሚል ስም ሰጠው። ሆኖም አሜሪካዊው ፈላስፋ ኖርማን ማልኮም በ1959 ዓ.ም. የተኛ ሰው ሊፈርድ አይችልም ብሎ ተከራከረ። መልሱ የመጣው ከሐኪም ቤት መሣሪያ ነው። በሕልም ሰዓት ሥጋ ሁሉ ሲዝል የዐይን ጅማት አይዝልምና፥ በ1975 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በሀል ዩኒቨርሲቲ፥ አንድ ሰው ማለሙን ባወቀ ጊዜ ዐይኑን አስቀድሞ በተስማሙበት ቍጥር ግራና ቀኝ አንቀሳቀሰ፤ መሣሪያውም መዘገበው። በ2021 ዓ.ም. በወጣው ምርምር ደግሞ የተኙ ሰዎች ቀላል የሒሳብ ጥያቄ ተጠይቀው በዐይናቸው መለሱ።

እንግዲህ ልቡና በእንቅልፍ ውስጥ ሊነቃ መቻሉ ተረጋግጧል። ነገር ግን መሣሪያው የዐይንን መንቀሳቀስ እንጂ የነፍስን ባሕርይ አይመዘግብም፤ የጐልማሳው ጥያቄ በጌናድዮስ ፊት እንደ ነበረ ዛሬም አለ። ለአስተዋይ ሰው ከሁሉ የሚጠቅመው ምናልባት የአውግስጢኖስ ሕልም ነው፤ ከስሕተት ሁሉ ነቅቻለሁ ብሎ ባልንጀራውን ለማስተማር የሚቸኵል ሰው፥ ገና ያልነቃበት ነገር እንዳለ አስቀድሞ ራሱን ይጠይቅ።