ከወለል እስከ አንድ ሜትር

በኪራይ ቤት ተከራይ ያበላሸው የቱ፣ ዘመን ያበላሸው የቱ ነው? በ1804 እ.ኤ.አ. የወጣው የፈረንሳይ ፍትሐ ብሔር ሕግ ለዚህ ልኬት አበጅቶለታል። የመስኮት መስታወት፣ የበር ማጠፊያና ቁልፍ፣ የግድግዳ ልስንም ከወለል እስከ አንድ ሜትር ድረስ የተከራይ ዕዳ ነው፤ በእርጅና ከተበላሸ ግን አይደለም። (መስታወቱን በረዶ ከሰበረውም ተከራዩ ነጻ ነው። ሕግ አውጪው ሰማዩንም አልረሳም።)

የኢትዮጵያን የ1952 ዓ.ም. ፍትሐ ብሔር ሕግ ያረቀቀው ሬኔ ዳቪድ በዚህ ሕግ ያደገ ፈረንሳዊ ነው። የእኛም ሕግ ጥገናን ለአከራይና ለተከራይ ያከፋፍላል። የአዲስ አበባ የጭቃ ቤት ግን ለክፍፍል አይመችም። ቀድሞ የሚበሰብሰው ያው የታችኛው አንድ ሜትር ነው፤ ክረምቱ ከውጭ፣ የልጆች እግርና የእጣቢ ውሃ ከውስጥ ይበሉታል። ማን ይምረገው?

ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 47 ጥያቄውን ከነአከራዩ ወሰደው። ትርፍ ቤት ተወረሰ፣ ኪራይ ቀነሰ፣ አነስተኛ ኪራይ ያላቸው ቤቶች ለቀበሌ ተሰጡ። ለድሃው ተከራይ እፎይታ ነበር፤ ይህን መካድ ግፍ ነው። ነገር ግን ደጁ ድረስ ሄደው የሚሟገቱት አከራይ ጠፋ። በዚያ በጥቂት ብር ኪራይ ቀበሌው የስንቱን ጣሪያ ይቀይር? ጭቃውን ከጭድ አቡክቶ ግድግዳውን የሚመርገው ተከራዩ ራሱ ሆነ፤ ቀላሉም ከባዱም ጥገና እሱ ላይ ወደቀ። በእጁ ያለው ደረሰኝ ግን የኪራዩን እንጂ የምርጊቱን አይናገርም።